ሁሉም ካሉ

«ደግሞ ያ ሬዲዮው!» አለች ኖሪን ሄገርቲ፣ ቅዳሜ ጠዋት ማንቆርቆሪያዋን ከቧንቧው ሥር ይዛ። ስለ ሬዲዮ የጠየቃት ሰው አልነበረም። ልጇ ቴስ ጠረጴዛው ጋ ተቀምጣ የተጠበሰ ዳቦ ላይ ቅቤ ትቀባ ነበር፤ ቢላዋዋ መሃል ላይ ቀጥ አለ።

«የማን ሬዲዮ?»

«የአቢሊዮ ነዋ! ከጠዋት እስከ ማታ ፖርቱጋልኛ። ግድግዳችን እንደሆነ ወረቀት ነው። ሰው እስከ መቼ ይችላል?»

«እማ፣ ያለፈው ሰሞን ሬዲዮው ዝም ቢል ጊዜ ‹ምን ሆነው ይሆን› ብለሽ በካልሲ ሮጠሽ በራቸውን ያንኳኳሽው አንቺ አይደለሽ እንዴ?»

«እሱ ሌላ ነገር ነው። ሰውዬው ጆሮው አይሰማም፤ የሌላው ሰው ጆሮ ግን ይሰማል።»

«ሰውዬው?» አለች ቴስ። «እሳቸው ከመቼ ወዲህ ነው ‹ሰውዬው› የሆኑት?»

ኖሪን ማንቆርቆሪያውን ሰካችና ጀርባዋን ሰጥታ ቆመች። ቴስ ሃያ ሰባት ዓመቷ ነው፤ ከእጮኛዋ ተለያይታ ወደ እናቷ ቤት የተመለሰችው በመከር ነበር። ከዚያ ወዲህ እናትና ልጅ ያቺን ጠባብ ወጥ ቤት ተካፍለው መኖርን የተማሩት ብዙ ባለመጠያየቅ ነው። የዛሬው ግን ለቴስ አልሆነላትም።

«ትናንት ስብሰባው ላይ እጅሽን አነሳሽ፣ አይደል?»

«ሁሉም አነሳ።»

«ስለ ሁሉም አልጠየቅኩሽም።»

ቴስ ዳቦዋን በሳህን ይዛ ተነሳችና ወደ ክፍሏ ገባች፤ በሩንም በቀስታ ዘጋችው። ብታላትመው ኖሪን ልክ ልኳን ነግራት በወጣላት ነበር። እንዲህ በቀስታ ለተዘጋ በር ግን የሚመለስ ነገር የለም።

የቤት ማኅበሩ ሕንፃ ሃሚልተን ውስጥ ከባርተን ጎዳና ጀርባ የቆመ ባለ አምስት ፎቅ ቡናማ ጡብ ነው። ነዋሪዎቹ ቤቱን በጋራ ያስተዳድራሉ፤ ኪራዩ ከሌላው ሰፈር በግማሽ ያነሰ ስለሆነ አንዴ የገባ ሰው አይለቅም። አቢሊዮ ፉርታዶ ከኖሪን በር ፊት ለፊት ሲኖሩ ሃያ ምናምን ዓመት አልፏቸዋል። ከደሴት አገራቸው በወጣትነታቸው መጥተው፣ ብረት ፋብሪካ ሠርተው ጡረታ የወጡ፣ ሚስታቸውን ቀብረው ብቻቸውን የቀሩ ሽማግሌ ናቸው። በጥር አንድ ቀን የባቄላ ድስት ምድጃ ላይ ጥደው እንቅልፍ ወሰዳቸውና የሕንፃው ጭስ ደወል ጮኸ፤ ሰው ሁሉ በሌሊት ልብሱ በረዶ ላይ ወጥቶ ቆመ። በየካቲት ደወሉ እንደገና ጮኸ፤ የእሳት አደጋ መኪናዎቹም እንደገና መጡ። ይሄኛው ግን ከአቢሊዮ ቤት አልነበረም። ምድር ቤት ካለው የልብስ ማድረቂያ ማሽን ነው የተነሳው፤ ውስጡ የተከማቸው ብናኝ ተያይዞ። ይህን ኖሪን ታውቃለች። መግቢያው ላይ በሩን ይዛለት የነበረችው እሷ ስለሆነች እሳት አጥፊው ጓንቱን እያወለቀ የነገረው ለእሷ ነው፦ «ማድረቂያው ነው፣ እመቤቴ፤ አጽዱት በያቸው።»

ትናንት ማታ ግን የማኅበሩ ሰብሳቢ ጎርደን ሊስክ፣ ጡረታ የወጣ የስፖርት አስተማሪ፣ በታጣፊ ወንበሮቹ ፊት ቆሞ፣ «አቢሊዮን ሁላችንም እንወዳቸዋለን። ነገር ግን ሁለት ጊዜ ሆነ» አለ። ሁለት ጊዜ ሲል ኖሪን ልትናገር አፏን ከፈተች። በዚያው ቅጽበት ፊተኛው ረድፍ ላይ የተቀመጠው፣ መሪ ስቶት የሚባለው ጎረቤት፣ «ታዲያ ሦስተኛውን ተሰልፈን እንጠብቅ?» ሲል ሰው ሳቀ። ኖሪንም ሳቀች፤ ከሳቀች በኋላ ደግሞ መናገሩ የባሰ ከበዳት። አቢሊዮ አልነበሩም፤ የማታ ስብሰባ ላይ ምንም ስለማይሰሙ መምጣት ትተዋል። ጎርደን፣ «አባልነታቸው ይቁም፣ ቤቱንም ይልቀቁ የምትሉ» ሲል ፊት ያሉት አነሱ፣ መሃል ያሉት ፊት ያሉትን አይተው አነሱ። የኖሪን እጅም ወጣ። መቼ እንዳዘዘችው አታውቅም፤ ብቻ ቀና ስትል እዚያ ላይ ነበር።

ስለዚህ ነው ዛሬ ጠዋት ሬዲዮው የረበሻት። ወደ ሥራ ስትሄድ አውቶቡስ ላይ ደግሞ የዓሣው ሽታ ትዝ አላት፤ እዚያ ቤት ዓርብ ዓርብ የደረቀ ጨዋማ ዓሣ ሲቀቀል ኮሪደሩ ሳምንቱን ሙሉ ይሸታል። ቀጥሎም ጫማቸው፤ በር ላይ ነው የሚያወልቁት፣ ሰው ይደናቀፋል። አንዱን ነቀፋ ስታገኝ ደረቷ ትንሽ ቀለል ይላታል፣ ሁለት ፌርማታ እንኳ ሳያልፍ መልሶ ይጠብቃትና ሌላ ትፈልጋለች። ቴስ የስድስት ዓመት ልጅ ሳለች፣ አባቷ ዴል ቤቱን ጥሎ የወጣ ጊዜ፣ ከትምህርት ቤት ተቀብለው እስከ ማታ የሚይዙላት አቢሊዮ ነበሩ፤ ሚስታቸው ዴኦሊንዳ ሾርባ ታበላታለች፣ እሳቸው ጸጉሯን አጣመው ይጎነጉኑላታል። ቴስ «ቮቮ» ነበር የምትላቸው፣ እንደ ገዛ አያቷ። ይህም ትዝታ መስኮቱ ላይ ድቅን አለባት። ኖሪን ለዚህም መልስ አበጀችለት፦ የራሳቸው የልጅ ልጆች ሩቅ ስለነበሩ ለራሳቸው ሲሉ ነው ያደረጉት፤ ብቸኝነታቸውን ነበር የሚያስታምሙት። ይህን ካሰበች በኋላ አንድ ፌርማታ ቀድማ ከአውቶቡሱ ወረደችና በእግሯ ሄደች። መንገድ ላይ የኪራይ ማስታወቂያ ከምሰሶ ተለጥፎ አየች። አንዲት ክፍል፣ መታጠቢያ ቤት በጋራ፣ በወር አንድ ሺህ አምስት መቶ ዶላር። አቢሊዮ በማኅበሩ የሚከፍሉት ስድስት መቶ ነው። ፊቷን ወደ መንገዱ አዞረች። «ብራምፕተን ከተማ ልጅ አለቻቸው» አለች ድምፅ አውጥታ፣ ለማንም። ልጅቱ ሦስት ልጆቿን ይዛ የሰው ምድር ቤት ተከራይታ እንደምትኖር ታውቃለች።

የምትሠራው ቬስና በምትባል ክሮኤሽያዊት ላውንደሪ ነው። ሱቁ ሁልጊዜ ይሞቃል፤ የካውያው እንፋሎት መስኮቱን ያለብሰዋል፤ ከጣሪያው ሥር የሚዞረው ብረት ላይ የሰው ኮት በላስቲክ ተሸፍኖ ይወዛወዛል። ኮት ሃያ ሁለት ዶላር፣ ሸሚዝ አራት፤ ቬስና ዋጋውን ባለፈው ወር ጨምራ እስካሁን ደንበኛ ሁሉ ያጉረመርማል። ቅዳሜ ጠዋት ሰው ስለሚበዛ እስከ አራት ሰዓት ተኩል አላወሩም። ከዚያ ቬስና ቡናዋን ይዛ ከባንኮኒው ጫፍ ስትቀመጥ ኖሪን ራሷ ጀመረችው።

«ትናንት አንድ ጎረቤታችንን አስወጣን። ሊያቃጥለን ነበር።»

«እንዴት ሊያቃጥላችሁ?»

«ምድጃ ለኩሶ ይተኛል። ሁለት ጊዜ። እሳቱ መጋረጃው ጋ ደርሶ ነበር።» መጋረጃ የተቃጠለበት የለም፤ ቃሉ ከአፏ ሲወጣ ግን መጋረጃው ሲነድ ታያት።

«እንዴ! ልጆች ያሉበት ሕንፃ ውስጥ?»

«እኮ፣ ልጆች ያሉበት!» አለች ኖሪን። ሕንፃው ውስጥ ያሉት ልጆች ሁለት ናቸው፤ ሁለቱም ምድር ፎቅ፣ የራሳቸው በር አላቸው።

«ደግ አደረጋችሁ» አለች ቬስና። «ሽማግሌ ሲታዘንለት ይብሳል። የባሌ አጎት እንደዚሁ ነበር፤ ጋራዡን ነው ያቃጠለው።» ይህን ብላ የአጎቱን ታሪክ ቀጠለች። ኖሪን ኮቶች እያንጠለጠለች አዳመጠች፤ ደግ አደረጋችሁ የሚለው ቃል እንደ ሞቀ ውሃ ወረደላት። ምሳ ሰዓት ላይ ለፖስተኛው ደግማ ነገረችው። ለእሱ ስትነግረው ጎረቤቷ ደግሞ ግልፍተኛም ሆነ። ፖስተኛው፣ «ምን ይደረጋል፣ ዘመኑ ነው» ብሎ ሄደ። ኖሪን ሳንድዊቿን ግማሹን ገምጣ መልሳ ጠቀለለችው።

ወደ ዘጠኝ ሰዓት ላይ አዮኒ ብሌክ መጣች። አዮኒ ጃማይካዊት ናት፤ ሦስተኛ ፎቅ ነው የምትኖረው፣ አዛውንቶችን በየቤታቸው እየዞረች ትንከባከባለች። ለነገ ቤተ ክርስቲያን የምትለብሰውን ወይን ጠጅ ቀሚስ ልትወስድ ነበር የመጣችው። ኖሪን ቀሚሱን አውርዳ ባንኮኒው ላይ አጋደመችው። አዮኒ ገንዘቡን አላወጣችም።

«እንቅልፍ ወሰደሽ?» አለቻት።

«ለምን አይወስደኝ?»

«እኔን አልወሰደኝም።» አዮኒ ወደ ቬስና ዘወር ብላ አየች፤ ቬስና ከጓዳ ማሽኑን እያስነሳች ነበር። ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። «እጄ ጭኔ ላይ ነበር፣ ኖሪን። አላነሳም ብዬ ነው የመጣሁት። እኚህ ሰውዬ ጡረታቸው ሲገባ ለእያንዳንዳችን ጣፋጭ ዳቦ በር ላይ የሚያንጠለጥሉ ሰው ናቸው። ግን እኔ አዲስ ነኝ፣ ሦስት ዓመቴ ነው፤ ምን አውቃለሁ? ስለዚህ ዞሬ አንቺን አየሁ። ኖሪን ፊት ለፊታቸው ነው የምትኖረው አልኩ። ልጇ እዚያ ቤት ነው ያደገችው አልኩ። ኖሪን ካነሳች እኛ የማናውቀው ነገር አለ ማለት ነው አልኩ። አነሳሽ። አነሳሁ።»

የኖሪን ፊት ቀላ። «ታዲያ በኔ ላይ ልትጥይው ነው የመጣሽው?»

«አልጣልኩብሽም። የሆነውን ነው የነገርኩሽ።»

«እኔም እኮ ፊት ያሉትን ነው ያየሁት! መሪ ስቶትን፣ እነ…» አለችና አቆመች። ማሽኑ ከጓዳ ይጮኻል። ሁለቱ ሴቶች በባንኮኒው ግራና ቀኝ ቆመው፣ በመሃላቸው ወይን ጠጁ ቀሚስ በላስቲኩ ውስጥ ተጋድሞ፣ ተያዩ።

«ሁለት ጊዜ ነው የሆነው እንኳ?» አለች አዮኒ። «ሁለተኛው ቀን ሥራ ላይ ነበርኩ።»

ኖሪን «አዎ» ልትል ነበር። ለቬስና ብላዋለች፣ ለፖስተኛው ብላዋለች፤ ቃሉ ምላሷ ላይ ተዘጋጅቶ ተቀምጧል። አዮኒ ዓይኗን ሳትነቅል ትጠብቃታለች።

«አንድ ጊዜ ነው» አለች ኖሪን። «ሁለተኛው ማድረቂያው ነው።»

አዮኒ ከፍላ፣ ቀሚሱን በክንዷ ላይ አጥፋ ወጣች። ኖሪን ቬስናን ራሴን አሞኛል ብላ ከሰዓቷ ቀደም ብላ ወጣች።

የአቢሊዮ በር ገርበብ ብሎ ነበር። ኮሪደሩ ላይ ከግሮሰሪ የመጡ ባዶ የሙዝ ካርቶኖች ለዕቃ ማሸጊያ ተደርድረዋል። ኖሪን ስታንኳኳ ሽማግሌው ከውስጥ «ግቡ፣ ግቡ» አሉ፣ ማን እንደሆነ ሳይጠይቁ። ሳሎኑ ያው ነው፤ ሶፋው አሁንም ላስቲኩ አልወለቀለትም፣ የደሴቲቱ ሥዕል ያለበት የቀን መቁጠሪያ ከቦታው አለ። የዴኦሊንዳ ፎቶ ግን ከግድግዳው ወርዶ ፎጣ ተጠቅልሎበታል። ሬዲዮው ዝም ብሏል። አቢሊዮ ጠረጴዛው ጋ ተቀምጠው ዳቦና አይብ እየበሉ ነበር።

«ሻይ ላፈላልሽ አልችልም፣ ይቅርታ አድርጊልኝ» አሉ። «ምድጃውን ዘግቼዋለሁ።»

«ምን ሆነ?»

«እሱማ ምን ይሆናል፣ እኔ ነኝ እንጂ።» በአገጫቸው አመለከቷት። የምድጃው ማዞሪያዎች በሙሉ ተነቅለው ሾርባ ሳህን ውስጥ ተቀምጠዋል፤ ምድጃው ላይ የቀሩት ባዶ ብረቶች ብቻ ናቸው። «እስክወጣ ድረስ አልነካውም። ሰው እንዳልጎዳ።»

ኖሪን በሚሰማው ጆሯቸው በኩል ወንበር ስባ ተቀመጠች። ምን ልትል እንደመጣች አላወቀችም። እሳቸው ቀደሟት።

«ጎርደን ጠዋት መጣ። ጨዋ ሰው ነው፤ ቆቡን አውልቆ ነው የነገረኝ። ‹ሁሉም ናቸው?› አልኩት። ‹ሁሉም› አለኝ። ‹ኖሪንም?› አልኩት። ዝም አለ። ከዚያ ወዲያ አልተከራከርኩትም።»

«ለምን አልተከራከሩም? ቤትዎ አይደል እንዴ!»

«አንድ ሰው ቢጠላኝ ክፋት ነው እላለሁ። ሁለት ቢሆኑ ተማክረው ነው እላለሁ። ሁሉም ካሉ ግን፣ አንቺም ካለሽበት፣ እንግዲህ እኔ የማላየው ነገር አለ። አንቺ ያለ ምክንያት አታደርጊውማ።» የአይቡን ፍርፋሪ በጣታቸው ሰብስበው ሳህን ላይ አኖሩ። «እውነቱን ልንገርሽ? ባቄላውን አስታውሳለሁ። ጥፋቴ ነው፣ አልክድም። ጎርደን ያለውን ሁለተኛውን ግን ስንት ጊዜ ባስበው አጣሁት። ምን ጥጄ ነበር? ማን አጠፋው? ምንም የለም፣ ባዶ ነው። ይሄ ነው ያስፈራኝ፣ ኖሪን። እሳት ለኩሶ የማያስታውስ ሰው ብቻውን መኖር የለበትም። ልክ ናችሁ።»

«ሁለተኛ የለም» አለች ኖሪን።

«ምን?»

«ሁለተኛ የለም፣ አቢሊዮ። የየካቲቱ ከምድር ቤት ነው። ማድረቂያ ማሽኑ ነው። እርስዎ ምንም አላደረጉም። እሳት አጥፊው ለእኔ ነው የነገረኝ፣ በር ላይ፣ ለራሴ።»

ሽማግሌው አዩዋት። ዓይናቸው ውሃ አዘል ነው፤ ሁልጊዜም እንደዚያው ነው።

«ታውቂ ነበር?»

«አውቅ ነበር።»

«ትናንትም?»

«ትናንትም።»

ኮሪደሩ ላይ ሊፍቱ ቆመ፣ ሰው ወረደ፣ ቁልፍ ተንቀጫቀጨ። አቢሊዮ ከሳህኑ ውስጥ አንዱን ማዞሪያ አንስተው መዳፋቸው ላይ አገላበጡት። ኖሪን ስድብ ጠብቃለች፤ ይቅርታንም ሳትጠብቅ አልቀረችም። ሁለቱም አልመጡም።

«እንግዲያው አልረሳሁም ማለት ነው» አሉ፣ ለራሳቸው እንደሚናገሩ። ደግመውም፣ «አልረሳሁም» አሉ። ትከሻቸው ወረደ፤ ቀኑን ሙሉ ተሸክመውት የዋሉት ነገር ምን እንደነበር ኖሪን የገባት ያኔ ነው። ቤቱን ማጣት ብቻ አልነበረም። ከዚያ ፊታቸው ቀስ እያለ ተለወጠ። ማዞሪያውን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡትና፣ «አሁን ሂጂ፣ ኖሪን» አሉ። «በሩን እንዳለ ተይው።»

ጎርደን ሊስክን ያገኘችው ሕንፃው መግቢያ ላይ ነው፤ የመጋቢት በረዶ መልሶ ስለያዘ ደረጃው ላይ ጨው ይበትናል። ኖሪን ኮቷን ሳትቆልፍ ወጥታ ፊቱ ቆመች።

«አንድ ጊዜ ነው፣ ጎርደን። ሁለተኛው ማድረቂያው ነው።»

«ሁሉም ሁለት ጊዜ ነው የሚሉት።»

«አንተ ስላልክ ነዋ!»

«እኔ ደግሞ እነሱ ስላሉኝ ነው ያልኩት።» የጨው ባልዲውን አስቀመጠ። ትልቅ ሰውነት ያለው፣ ሰው ፊት ሲሆን ድምፁ የሚሞላ ሰው ነው፤ አሁን ግን ድምፁ አልሞላም። «ሰኞ መሪ ስቶት ይነግረኛል፣ ማክሰኞ ሌላው ይነግረኛል፣ በደረጃው በወጣሁ ቁጥር አቢሊዮ፣ አቢሊዮ ነው። ሕንፃው ሁሉ የሚፈልገው ነገር መሰለኝ። እውነቱን ልንገርሽ፣ ስብሰባው ላይ ሳነሳው አንድ ሰው ያስቆመኛል ብዬ ነበር። ያልኩትን ብዬ ጠበቅኩ። ማንም አላስቆመኝም። ይልቁንስ ሳቃችሁ።»

«ይፍረስ ታዲያ። ዛሬውኑ አፍርሰው።»

«እኔ አላፈርሰውም። ደንቡ አይፈቅድልኝም። የተወሰነ ነገር እንደገና እንዲታይ መጠየቅ የሚችለው እጁን አንስቶ ከደገፉት አንዱ ብቻ ነው። እሱም ሰው ሁሉ ፊት ቆሞ ለምን ሐሳቡን እንደለወጠ መናገር አለበት።» አያት። «ማንም እሺ አይልም፣ ኖሪን። እዚህ የሚኖር ሰው ነው፤ ነገ ሊፍት ውስጥ ይገናኛል።»

«እኔ እጠይቃለሁ።»

«ማድረቂያውን ከየካቲት ጀምሮ ታውቂ እንደነበር ልትናገሪ ነው? እነ መሪ ስቶት ፊት?»

ነፋሱ የኖሪን ዓይን ውስጥ ገብቶ እንባዋ ፈሰሰ። «ሰው ጥራ» አለችው፤ ኮቷን ደረቷ ላይ ሰብስባ ይዛ ወደ ውስጥ ተመለሰች።

ቤት ስትገባ ቴስ ድንች እየላጠች ነበር። ኖሪን ኮቷን ሳታወልቅ አጠገቧ ቆማ ሁሉንም ነገረቻት፤ እሳት አጥፊውን፣ ሳቁን፣ ለቬስና የፈጠረችውን መጋረጃ፣ ሳህን ውስጥ የተቀመጡትን ማዞሪያዎች። ቴስ መጨረሻ ላይ ቢላዋውን አስቀምጣ እጇን በፎጣ አደረቀችና፣ «ቮቮ ዛሬ ትኩስ ነገር አልቀመሱም ማለት ነው» አለች። ድንቹ ሲበስል ግማሹን በሳህን አድርጋ ኮሪደሩን ተሻገረች። ኖሪን ብቻዋን በላች። ግድግዳው ወረቀት ስለሆነ የልጇ ድምፅና የሽማግሌው ድምፅ ይሰማታል፤ የሚሉት ግን አይሰማም። ሬዲዮው እስኪከፈት ድረስ ሳህኗን ሳታነሳ ተቀመጠች።

ሁለተኛው ስብሰባ በሁለት ሳምንቱ ተደረገ። ኖሪን ተነስታ የተናገረችው አጭር ነበር፤ አንድ ቦታ ጠፋባትና ከመጀመሪያው ጀመረች። «ታውቂ ነበርና ዝም አልሽ?» ያላት ሰው ነበር፤ «አዎ» አለች። ጥቂቶች ‹ድስቱ አንድ ጊዜም ቢሆን ነዷል› ብለው አልተለወጡም፤ የሚበዛው ሰው ግን አቢሊዮ ይቆዩ አለ። ጎርደን ሰው ሲርቅ ምድጃውን በራሱ የሚያጠፋ መቆጣጠሪያ ገዝቶ ምድጃቸው ላይ ገጠመላቸው። ኖሪንና አቢሊዮ ኮሪደር ላይ ሲገናኙ ሰላምታ ይለዋወጣሉ፣ ስለ ብርዱ ያወራሉ። ሽማግሌው እስከ ፋሲካ ድረስ ግቢ አላሏትም። ከፋሲካ በኋላ ግን ጣፋጭ ዳቦው በሯ ላይ ተንጠልጥሎ አገኘችው።

በሰኔ፣ ሙቀቱ ሲገባ፣ አቢሊዮ እንደ አገራቸው ወግ ጓሮው ውስጥ ከሰል አቀጣጥለው ሳርዲን ጠበሱ። ግማሹ ሕንፃ ወርዶ ነበር። ጭሱ ወደ ጎረቤት ሕንፃ ሲነፍስ፣ «ይሄኛውን ደግሞ እነሱ ይሰብሰቡበት!» እያሉ ሰው ያስቃሉ። መሪ ስቶት ሁለተኛ ሳህኑን ይዞ ረጅሙ ጠረጴዛ ጋ ተቀመጠ።

«እንዲህ ያለ ሰው ልናስወጣ ነበር» አለ አፉን እየጠረገ። «እኔ መቼም ነገሩ ከመጀመሪያው አላማረኝም። ያን ዕለትም እጄን አላነሳሁም።»

«እኔም አላነሳሁም» አለች የሁለተኛው ፎቅ ሴትዮ። «በጣም ነው የከፋኝ ያኔ።» ከእሷ ቀጥሎ ያለው ሰውዬም ራሱን ነቀነቀ።

ኖሪን አየቻቸው። የሚዋሽ ሰው ፊት አልነበራቸውም። ያስታወሱትን የሚናገሩ ሰዎች ናቸው። እሷም የራሷን ፈለገችና ያገኘችው ነገር አስደነገጣት፦ ከኋላ ወንበር ተቀምጣለች፣ ሁለት እጇ ቦርሳዋ ላይ ተጣምሯል፣ አንገቷን ደፍታለች። ሥዕሉ ጥርት ያለ ነው፤ የቦርሳዋ ዘለበት ሳይቀር ይታያታል። ትንሽ ብትቆይ በዚህ ትምላለች። ቴስ ከጠረጴዛው ማዶ ሹካዋን ይዛ ታያታለች።

«እኔ አንስቻለሁ» አለች ኖሪን። «ያንተን አይቼ ነው ያነሳሁት፣ መሪ። ፊቴ ነበርክ።»

«እንጃ…» አለ መሪ፣ ሊስቅ ሞክሮ። «አይመስለኝም።»

«እኔም አንስቻለሁ» አለች አዮኒ ከዳር። «የእሷን አይቼ።»

ጠረጴዛው ጸጥ አለ። አቢሊዮ ከከሰሉ ጋ መቆንጠጫቸውን ይዘው ዞሩ። ሰው ዝም ማለቱን አይተዋል እንጂ የተባለውን አልሰሙም።

«ምንድን ነው? ምን አላችሁ?»

«ምንም፣ ምንም!» አሉ ሁለት ሦስት ሰዎች ባንድ ላይ፣ እጃቸውን እያወዛወዙ።

ኖሪን ከወንበሯ ተነሳች። ከሰሉ ይንጣጣል፣ ከመንገዱ የመኪና ድምፅ ይመጣል፤ ሽማግሌው ጆሯቸውን በመዳፋቸው ከለል አድርገው ይጠብቃሉ። አጠገባቸው ደርሳም እንኳ መጮህ ነበረባት።

«ያኔ ይውጡ ብለን እጃችንን ያነሳነው እኛ ነን እያልን ነው!»

ግቢው በሙሉ ሰማ። አራተኛ ፎቅ ላይ መስኮት ከፍቶ ብቅ ያለ ሰው ነበር።

«ይሄንንማ አውቃለሁ» አሉ አቢሊዮ። አንዱን ሳርዲን ገለበጡት። «ሳህን አምጪ፣ ይቃጠላል።»